የክፉ ቀን ፍላጻ

እሑድ ከሰዓት የልብስ ስፌት ቤቱ በር ከውስጥ ይቀረቀራል፣ መቁረጫው ጠረጴዛ ላይ የተረፈው ጨርቅ ወደ ጥግ ይገፋል፣ አራት ጎልማሶችም እንደ ሕፃን ሊጫወቱ ይቀመጣሉ። ሰፈሩ ያውቃል፤ ሰፈር ደግሞ የማያውቀው የለም። መጀመሪያ ቁማር ነው ተባለ። ቀጥሎ ጥንቆላ ነው ተባለ። በኋላ አንዲት ደንበኛ ቀሚሷን ልትለካ ገብታ በዓይኗ አየችና "ኧረ ምንም የለም፣ ተረት ነው የሚያወሩት!" ብላ አስወራች፤ ከዚያ ወዲህ የሚደርስባቸው የለም።

ተረትስ ተረት ነው። ግን አንዱ ሲያወራ ሌላው የሚያዛጋበት ዓይነት አይደለም። አንዷ ትመራለች፤ ዋሻውን፣ ጭራቁን፣ ገበያውንና ዝናቡን የምታመጣው እሷ ናት። የቀሩት ሦስቱ በተረቱ ውስጥ አንድ አንድ ሰው ይይዛሉ፤ "እንዲህ አደረግሁ" ይላሉ፤ ይሳካ አይሳካ እንደሆነ ሃያ ፊት ያለው ዳይስ ይፈርዳል። ጨዋታውን ከኮሌጅ ጓደኞቿ ለምዳ ያመጣችው ቲቸር ናት። መምራቱ ግን የወደቀው ልብስ ሰፊዋ ላይ ነው፤ ማንም አልመረጣትም፣ ተሰጥኦዋ ነው። "ሐሙስ ይደርሳል" እያለች ይህን ሁሉ ዓመት ደንበኛ ስታረጋጋ የኖረች ሴት፣ ጭራቅ ቢሏት ጭራቅ፣ ከተማ ቢሏት ከተማ ከባዶ መፍጠር ምን ያቅታታል?

ቲቸር በተረቱ ውስጥ ቁስለኛ የምታድን መድኃኒት አዋቂ ናት። ሰዓት ሠሪው ባለ ሰይፍ ነው፤ ሰፈሩ "ደቂቃ" ይለዋል፣ "አንዲት ደቂቃ" ብሎ የተቀበለውን ሰዓት ወር ስለሚያሳድር። ሦስተኛው የልብስ ሰፊዋ ታላቅ ወንድም ነው። በእውነተኛው ዓለም ቀለም ቀቢ ነው፤ ጥፍሩ ሥር ዘወትር የሰው ቤት ቀለም አለ። በተረቱ ዓለም ቀስተኛ ነው። እህቱ "ጋሼ" ትለዋለች፣ ስለዚህ ሁሉም ጋሼ ይሉታል።

ፍላጻ በዚህ ጠረጴዛ ላይ ስፒል ነው። ጋሼ ፍላጻ ሲገዛ እህቱ ከስፒል ሣጥኗ ቆጥራ ትሰጠዋለች፣ እሱም ስፒል በሚሰካበት ቀይ ትራስ ላይ ይደረድራቸዋል። ሲወረውር አንዱን ነቅሎ ማግኔት ያለበት ሳህን ላይ ይጥላል። ውጊያው ሲያልቅ ዳይስ ይንከባለላል፤ የትኛው ፍላጻ ከሬሳ ላይ ተነቅሎ እንደሚመለስ፣ የትኛው ተሰብሮ እንደቀረ ያኔ ይታወቃል። ስፒል ያለው ይወረውራል፣ የሌለው ድንጋይ ያነሣል። ልመና የለም።

ሕጉ እንዲህ የጠበቀው ያለ ምክንያት አይደለም። መጀመሪያ ቀስቱን የያዘው ደቂቃ ነበር፤ እሱም ያየውን ሁሉ ወጋ። ቁራ ወጋ፣ ጥላ ወጋ፣ አንድ ቀን ጨረቃን ካልወጋሁ አለ። እውነተኛው ጭራቅ ሲመጣ እጁ ባዶ ሆነና ተያይዘው አለቁ። ልብስ ሰፊዋ ተናደደችና ሕግ አወጣች፤ ከእንግዲህ እሑዱ ሲያልቅ ፍላጻ የተረፈው ሰው በሚቀጥለው ገበያ ቀድሞ ይመርጣል፣ በርካሽም ይገዛል። ቀስቱም ከደቂቃ ተነጥቆ ለጋሼ ተሰጠ። ከዚያ ወዲያ ፍላጻ አልቆ አያውቅም። "ቁጠባ ከጋሼ ተማሩ!" ትላቸው ነበር እየሳቀች። አሁን ያቺን ቃል ስታስታውስ ጆሮዋ ይግላል።

ትራሱ ሲሞላበት ጋሼ ቆርቆሮ አመጣ። ቤቱን የቀባለት አንድ ደንበኛ ደስ ብሎት ከረሜላ የሞላ ጥንድ ቆርቆሮ ሰጥቶት ነበር፤ ስኳር ላለበት ሰው ከረሜላ! ከረሜላውን ለጎረቤት ልጆች በተነና አንዱን ቆርቆሮ ይዞ መጣ። ክዳኑ ላይ ሰማያዊ መርከብ ተሥሎበታል። በተረቱ ውስጥ ይህ ቆርቆሮ ምሽጉ ከተማ ላይ የተከራየው የዕቃ ክፍል ነው፤ በጀርባው የማይችለውን ፍላጻ እዚያ ያኖራል። "የክፉ ቀን ነው" ይላል ሲከድነው፣ በመዳፉም ቸብ ቸብ ያደርገዋል።

ነገሩ የተጀመረባት እሑድ ገበያ ነበር።

"ምን ልስጥህ፣ የኔ ጌታ?" አለች ልብስ ሰፊዋ ድምፅዋን ጥርስ እንደሌለው ሽማግሌ አድርጋ። የምሽጉ ፍላጻ ሻጭ መሆኗ ነው።

"ሁለት ኮሮጆ ይስጡኝ። ጫፉ ብር የሆነ ካለም ይጨምሩልኝ።"

"ጋሼ፣ እኔ ገመድና የቁስል ቅጠል ያስፈልገኛል፤ የገንዘብ ከረጢታችን አንድ ነው እኮ" አለች ቲቸር። "ባለፈው የገዛኸውስ?"

"አለ።"

"አለ ይላል እንዴ! ትራሱ ጃርት መስሏል፣ ቆርቆሮው አልከደን ብሏል" አለ ደቂቃ። "ሰውዬ፣ ልትዋጋ ነው ወይስ ሱቅ ልትከፍት?"

"ሲገኝ ነው የሚገዛው። ነገ ሄደህ የለም ቢሉህስ?"

"ማን ነው የለም የሚለው? ሻጯ እህትህ ናት!"

ቲቸር ዕንባዋ እስኪመጣ ሳቀች። ጋሼ አልሳቀም። ስፒሎቹን አንድ በአንድ ተቀብሎ ሰካ፣ ከጆጉ ውሃ ቀድቶ ጠጣ፣ ወዲያው ደግሞ ቀዳ። ልብስ ሰፊዋ ገመዱንም ቅጠሉንም ሳትሸጥ ገበያውን ዘጋች፤ በከረጢቱ የቀረ ነገር አልነበረም።

መንገዳቸው በገደል ላይ በተዘረጋ አሮጌ ድልድይ ነበር። ቲቸር መሐሉ ላይ ስትደርስ ከማዶ ጅቦች መጡ፤ እንደ ሰው የሚያስቡ፣ የድልድዩን ገመድ መብላት የሚያውቁ ጅቦች። ደቂቃ ከኋላ ነው፣ በሰይፍ አይደርስም። ሊደርስ የሚችለው ጋሼ ብቻ ነው። ሁሉም ወደሱ ዞሩ።

ጋሼ ከትራሱ አንድ ስፒል ነቀለ። በሁለት ጣቱ ይዞ አየው። መልሶ ሰካው።

"በግማሽ ጉልበት ብስበውስ?" አለ። "ፍላጻው እንዳይሰበር። ገፋ ላድርጋቸው።"

"ጋሼ፣ ገመዱን እየበሉት ነው!" ጮኸች ቲቸር።

"ግማሽም ይበቃል። የቀረው ለክፉ ቀን ይሁን።"

ልብስ ሰፊዋ ዳይሱን ወረወረች። ግማሹ አልበቃም። ገመዱ ተበጠሰ፣ ቲቸርም ስንት ወር የለፋችበትን መድኃኒት አዋቂ ይዛ ገደል ገባች። ቲቸር እንደዋዛ ልትስቅ ሞክራ አልሆነላትም።

"ያን ሁሉ ይዘህ" አለችው ቀስ ብላ። "ያን ሁሉ ይዘህ፣ ጋሼ?"

"ከዚህ የባሰ ቢመጣስ? ያኔ በምን ልመልሰው?" አለና ተነሥቶ ወደ መጸዳጃው ሄደ። ከገባ ጀምሮ ስንቴ እንደተነሣ ማንም ልብ አላለም።

እህቱ ግን ጀርባውን አየች። ልብስ ሰፊ ሰውን የሚያየው ከፊቱ ይልቅ ከስፌቱ ነው። ይህን ሱሪ ለዓመት በዓል የሰፋችለት እሷ ናት። ክረምቱ ሳይወጣ ወገቡን ጠበብ አድርጊልኝ ብሎ አመጣው፣ ጠበበችው። ቆይቶ ደግሞ አመጣው። "ሥራው ነው ያከሳኝ፣ መሰላል ስወጣ ስወርድ" ብሏት፣ "እድሜ ለመሰላል፣ እኔስ ሆዴን በምን ላጥፋው" ብላ ቀልዳ ነበር። አሁን ያ የጠበበው ወገብ እንደገና ሰፍቶ፣ ሱሪው በቀበቶ ተሰብስቦ እንደ ከረጢት አፍ ተኮማትሯል። ውሃው፣ መጸዳጃው፣ ሱሪው። ነቅሎ መልሶ የሰካው ስፒል። ግማሽም ይበቃል።

ስኳሩ ከጉርምስናው ጀምሮ አብሮት ያለ ነው፤ ጠዋትና ማታ ኢንሱሊኑን ራሱ ይወጋል። ለብዙ ዓመት እንደ ጥርስ መፋቅ የቀለለ ነገር ነበር። ከዚያ አንድ ክፉ ዘመን መጣና ኢንሱሊን ከከተማው ጠፋ። ለምን እንደጠፋ የሚያውቅ አልነበረም፤ መድኃኒት ቤቱ አከፋፋዩን፣ አከፋፋዩ ወደቡን፣ ወደቡ ሰማዩን ያሳያል። እሷ ሱቋን ዘግታ ከመድኃኒት ቤት መድኃኒት ቤት ስትዞር ጫማዋ አለቀ። ጋሼ ሆስፒታል ገባ። ከጎኑ የተኛ አንድ ዳቦ ጋጋሪ ነበር፤ እንደሱ ስኳር ያለበት፣ ቀልድ የሚያውቅ፣ ማታ ማታ ዳቦ እንዴት እንደሚቦካ የሚያስተምረው። አንድ ጠዋት ጋሼ ሲነቃ የዳቦ ጋጋሪው አልጋ አዲስ አንሶላ ተነጥፎለት ነበር። ስለዚያ አልጋ ከዚያ በኋላ አንድም ቀን አላወራም። መድኃኒቱ ወደ መደርደሪያው ተመለሰ፣ ጋሼ ግን መመለሱን አላመነውም።

ከድልድዩ እሑድ ማግስት ደወለችለት።

"ጋሼ፣ መድኃኒትህን እየወሰድክ ነው?"

"ምን ነካሽ፣ እቱ? ፍሪጄን ብታዪው! ከእንግዲህ የለም ቢሉኝም ግድ የለኝ።"

ድምፁ ውስጥ ኩራት ነበር፤ ያው እሑድ ቆርቆሮውን ሲከድን የሚሰማው ኩራት። ሌላ ሰው ቢሆን ይህን ሰምቶ ተመስገን ይል ነበር። እሷ ግን ፈራች። የሞላ ትራስ ምን ማለት እንደሆነ ታውቃለች፤ ያልተወረወረ ማለት ነው። "እየቆጠብክ ነው እንዴ?" ልትለው አፏ ድረስ መጣ። ዋጠችው። አባታቸው ሲሞቱ እሷ ገና የትምህርት ቤት ቦርሳ ተሸካሚ ነበረች፤ ያሳደጋት እሱ ነው፣ የመጀመሪያ የስፌት መኪናዋን የገዛላት እሱ ነው። ያሳደገን ሰው "መርፌህን አሳየኝ፣ ስንት መስመር ነው የምትወጋው?" ብሎ መመርመር ከየት ይጀመራል?

ፊት ለፊት መናገር ያቃታት ሴት በተረት ልትናገር አሰበች። ጥፋቷ እዚህ ላይ ነው። ተረት መምራት የለመደ ሰው ዓለምን ሁሉ በተረት የሚመራ ይመስለዋል።

በቀጣዩ እሑድ ተጓዦቹን ወደ ምሽጉ መለሰቻቸው። ቲቸር አዲስ ሰው ይዛ መጥታለች፤ ጠጠር የሚወረውር አኩራፊ ሽማግሌ፤ በማን እንዳኮረፈ መጠየቅ አያስፈልግም። ጋሼ የዕቃ ክፍሉን ከፍቶ ፍላጻ ልጨምር አለ። እህቱ የመርከቡን ቆርቆሮ ወደራሷ ሳበች።

"በሩን ከፈትክ" አለች። "ከውስጥ የቆየ ጨርቅ ሽታ መጣ። ፍላጻዎቹ እንዳስቀመጥካቸው ተደርድረዋል። አንዱን ስታነሣ ግን ላባው በእጅህ ላይ ዱቄት ሆነ። ብል በልቶታል። ሌላውን አነሣህ፤ እሱንም። ሁሉንም ብል በልቶታል። ላባ የሌለው ፍላጻ ደግሞ እንጨት ነው።"

ብል የልብስ ሰፊ የክፉ ክፉ ነው፤ ከእሳት ይልቅ የምትፈራው እሱን ነው። በዓለም ላይ ካለው ጭራቅ ሁሉ መርጣ ያመጣችው የገዛ ጠላቷን ነበር። ክዳኑን ከፍታ ስፒሎቹን ወደ ሣጥኗ ገለበጠቻቸው። ረጅም ጊዜ ተንኳኩ።

ጋሼ እጁን ዘርግቶ መሐል መንገድ ላይ አቆመው። ፊቱ አመድ መሰለ።

"ምን አጠፋሁ?" አለ።

"አልተጠቀምክባቸውም፣ ጋሼ። ለክፉ ቀን ብለህ ያስቀመጥከው ሳትነካው ይበላሻል። ይሄን እንድታስብበት ነው…"

"ያስቀመጠ ሰው ይቀጣል? ይሄን ሕግ ማን አወጣው? የተረፈው ሰው ይሸለማል ያልሽው አንቺ አይደለሽም? 'ከጋሼ ተማሩ' ያልሽው ማን ነው?"

እውነቱን ነው። "ስለ መርፌው ነው የማወራው" ማለት የነበረባት ያኔ ነው፤ አራት ቃል ነበር። ግን ደቂቃና ቲቸር አሉ፣ በሰው ፊት ታላቅ ወንድሟን ልታዋርድ አልቻለችም።

"ጋሼ ተው፣ እኔ ጨረቃ ስወጋ እንዲህ አልተቆጣህም" አለ ደቂቃ ነገሩን ሊያበርደው።

"ጨዋታ ነው እኮ" አለች ቲቸር።

"ለናንተ" አለ ጋሼ። ባዶውን ቆርቆሮ ብብቱ ውስጥ አስገብቶ፣ መቀርቀሪያውን ራሱ ከፍቶ ወጣ። ቀዩ ትራስ ከነስፒሉ ጠረጴዛው ላይ ቀረ።

ሳምንቱን ሙሉ ስልክ አላነሣም። መጀመሪያ አኩርፎ ነው አለች። ኩርፊያው ደግሞ የቤተሰብ ነው፤ አባታቸው በአንድ የተሰበረ ብርጭቆ ምክንያት አጎታቸውን ለዓመታት አላናገሩም። እሑድ ሦስቱ ተቀመጡ፣ አራተኛው ወንበር ባዶ ነበር፣ ማንም ዳይስ አላነሣም። "ሂጂ እስቲ እይው" አላት ደቂቃ። ሰኞ ሱቋን ዘግታ፣ ሰበብ እንዲሆናት አዲስ ሱሪ በወረቀት ጠቅልላ ሄደች። ወገቡን የቆረጠችው በዓይኗ ለክታ ነው፤ ስትቆርጠው ጨርቁ ማነሱ አስደንግጧት ነበር።

በሩ አልተቆለፈም። ከክፍሉ የቀለምና የሌላ ነገር ሽታ መጣ፤ የበሰበሰ ፍራፍሬ የመሰለ፣ ጣፋጭ፣ የሚያቅር። ጋሼ አልጋው ላይ በጎኑ ተጋድሟል። አተነፋፈሱ ዳገት የወጣ ሰው ዓይነት ነው፤ ጥልቅ፣ ፈጣን፣ የማያርፍ። ከንፈሩ ተሰነጣጥቋል። ስሙን ጠራችው። ዓይኑን ገለጠ፣ አወቃትም፣ ግን ምላሱ አልታዘዝ አለው።

"መርፌህ የት ነው? ጋሼ፣ መርፌህ የት ነው?"

ዓይኑን ወደ ፍሪጁ አዞረ። ከፈተችው። ወተት የለ፣ አትክልት የለ፣ ምንም የለ። ከላይ በረዶ ቤቱ ሥር፣ ከግድግዳው ጋር ተጣብቆ፣ ሰማያዊ መርከብ የተሣለበት ቆርቆሮ አለ። ጥንዱ ነው። ከፈተችው፤ የኢንሱሊን ብልቃጦች ልክ እንደ ስፒሎቹ ተደርድረው ሞልተውታል። ከጎኑ ከሱቋ ይዞት የወጣው ባዶ ቆርቆሮ ተቀምጧል። ባዶ አልነበረም። ሁለት አዲስ ብልቃጥ ገብቶበታል። ፍላጻውን ስትወስድበት መድኃኒቱን መቆጠብ አብሶ ነበር።

ስልኳን አውጥታ ደቂቃን ጠራችው። ደቂቃ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ በደቂቃ ደረሰ፤ ታክሲውን በሩ ላይ አስጠግቶ ጋሼን በጀርባው አዝሎ አወረደው። ሲያወርደው "ምን ሆኖ ነው እንዲህ የቀለለው?" አለ። እሷ ሁለቱን ቆርቆሮ ጭኗ ላይ ይዛ ነበር።

ድንገተኛ ክፍል ውስጥ ሐኪሟ ደሙን እያስቀዳች "ኢንሱሊን አልቆበት ነው?" ብላ ጠየቀች።

"አላለቀበትም" አለች ልብስ ሰፊዋ። "ሞልቶታል።"

ሐኪሟ በትክክል የሰማች አልመሰላትም። ክዳኑ ሲከፈትላት ግን ብዙ ጊዜ ያየችው ነገር ሳይሆን አልቀረም፤ ከንፈሯን ነክሳ ወደ ሥራዋ ተመለሰች።

ጋሼ ተረፈ። ተረፈ ሲባል ግን ሙሉ በሙሉ አይደለም። ሦስተኛው ቀን ላይ አእምሮው ጠርቶ መናገር ሲጀምር፣ በግራ ዓይኑ በኩል ዓለም ጭጋግ ሆኖበት ነበር፤ ይመለስ አይመለስ ወደ ፊት የሚታይ ነው አሉት። ለቀለም ቀቢ ይህ ምን እንደሆነ ለማንም መንገር አያስፈልግም። እህቱ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀምጣ ስለ ብልቃጦቹ እንዴት እንደምትነግረው ስታሰላስል እሱ ቀደማት።

"ቆርቆሮዎቹን አመጣሻቸው?"

"አመጣኋቸው።"

"ፍሪጅ ውስጥ ናቸው?"

በዚህ ጊዜ በተረት አልነገረችውም። ነርሷ ብልቃጦቹን አንድ በአንድ አንሥታ ወደ መስኮቱ ብርሃን አድርጋ አይታቸዋለች፤ የገሚሱ ቀኑ አልፏል፣ የቀረው ከበረዶው ጋር ተጣብቆ በረዶ ሠርቶ ተበላሽቷል፤ ኢንሱሊን አንዴ በረዶ ከሠራ አይሠራም። ደህና ናቸው የተባሉት በሁለተኛው ቆርቆሮ የነበሩት ሁለቱ አዲሶች ብቻ ናቸው። ጋሼ ከሁሉ የሚበርደውን ቦታ የመረጠው ይበልጥ ይጠበቅልኛል ብሎ ነበር። ግማሽ እየወጋ፣ እየተጠማ፣ እየከሳ ያጠራቀመው ሁሉ ውሃ ነበር።

ጋሼ ፊቱን ወደ ጣራው መለሰ።

"ብል በላው በዪኛ" አለ።

"በላው፣ ጋሼ።"

"ነግረሽኝ ነበር እኮ። እኔ የፍላጻውን መስሎኝ።"

"በአፌ ልነግርህ ይገባ ነበር። ፈራሁህ።" ማልቀስ አልፈለገችም፣ ግን አለቀሰች። "ሕጉንም ያወጣሁት እኔ ነኝ።"

"ተዪ እቱ" አለ። "እኔን ያስተማረኝ ያንቺ ሕግ አይደለም። ያ አልጋ ነው።" የቱ አልጋ እንደሆነ አልጠየቀችውም። አዲስ አንሶላ የተነጠፈበትን አልጋ እሷም አይታዋለች።

የምሳ ሰዓት ሲደርስ ነርሷ መርፌውን ይዛ መጣች። ጋሼ መርፌው ውስጥ ያለውን በደህናው ዓይኑ ተከታትሎ መስመሩን አየ።

"ትንሽ አልበዛም?" አለ። "ግማሹን ብታደርጊውስ? የተረፈውን ለማታ…"

"ጋሼ!" አለች እህቱ። በሕይወቷ ጮኻበት አታውቅም፤ ከማዶ ያለው በሽተኛ ቀና አለ። "ክፉ ቀን ይሄ ነው! የምትጠብቀው ክፉ ቀን መጥቷል፣ ተኝተህበታል። ውሰድ!"

ጋሼ ደንግጦ አያት። ያቺ ቦርሳ ያሸከማት ልጅ ናት። ከዚያ እንደታዘዘ ሰው ፒጃማውን ገለጥ አደረገ፣ ነርሷም ሙሉውን ወጋችው። እህቱ እስከ መጨረሻው ጠብታ ዓይኗን አልነቀለችም። ነርሷ ጥጡን አስይዛው ሄደች።

"እሺ" አለ ጋሼ፣ ጥጡን እንደያዘ። "ዛሬስ ዛሬ ነው። ስወጣስ? የሚቀጥለው ሳምንትስ?"

የዚያን ዕለት ጠዋት እሷ መድኃኒት ቤቶቹን ዞራ ነው የመጣችው። ሁለቱ የለም ብለዋታል። ሦስተኛው ጋ ያለው ልጅ መደርደሪያውን ዞር ብሎ እንኳ ሳያይ፣ ዓይኗንም ሳያይ፣ አንድ ነገር ብሏታል። ያንን ቃል ከነድምፁ ታውቀዋለች። ገና ጨርቁ ሳይቆረጥ፣ ክሩ ሳይገዛ፣ በሯ ላይ ለቆመ ሰው የምትለው ቃል ነው። ስንት ዓመት የኖረችበት ቃል ነው።

"ሐሙስ ይደርሳል" አለችው።

ጋሼ አያት። ሱቋ ጥግ ተቀምጦ ይህችን ቃል ሲሰማ ስንት ቀን አሳልፏል፣ ስንት ደንበኛ አምኖ ሲሄድ አይቶ በጆሮዋ ስቆባታል። አሁን አልሳቀም፣ እሷም ዓይኗን መሬት ጣለች።

"እንግዲያው ሁለቷን ደህና አድርገሽ አስቀምጪልኝ" አለ።

ተነሥታ ብልቃጦቹን ከቆርቆሮው አወጣች። የነርሶቹ ክፍል ሄዳ ፈቃድ ጠየቀች፣ በረዶ እንዳይነካቸውም የፍሪጁ በር ኪስ ውስጥ አስቀመጠችለት።